የእናት ፊልም፣ የልጅ መቀስ

ኤዲተሯ ሥራ የጀመረችው ፊልም በእጅ እየተቆረጠ በሚጣበቅበት ዘመን ነው። ሐያሲው ስለ ፊልም በመጽሔት ይጽፋል። ምሽቱን ሁለት የፈረንሳይ ፊልሞች አከታትለው አይተዋል፦ አኜስ ቫርዳ በ1981 ያወጣችውን «ዶኩማንተር»ን፣ ከዚያም ልጇ ማቲዩ ደሚ በ2011 የሠራውን «አሜሪካኖ»ን። ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ሐያሲው፦ እትዬ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝና ሁለተኛው ላይ እንቅልፍ ጣለኝ።

ኤዲተሯ፦ አይቼሃለሁ። ሰውዬው የሜክሲኮዋ ቲኋና ከገባ በኋላ ነው። እዚያ ላይ እኔም ዓይኔን ጨፈን አደርጋለሁ፤ ይንዛዛል።

ሐያሲው፦ ታዲያ ምኑን ወደውት ነው የሚደጋግሙት? የሁለት ዳይሬክተሮች ልጅ ነው። ዕድሜው ወደ አርባ ሲጠጋ የመጀመሪያ ረጅም ፊልሙን ሠራ። የእናቱን ፊልም እየቆረጠ ከተተበት። የአባቱን ገጸ ባሕርይ ስም ለዋናዋ ሴት ሰጣት። የካትሪን ደኑቭን ልጅ ኪያራ ማስትሮያኒንና የቻርሊ ቻፕሊንን ልጅ ጄራልዲንን ጠርቶ አሠራቸው። ይኼ የቤተ ዘመድ ጉባኤ እንጂ ፊልም ነው እንዴ?

ኤዲተሯ፦ የቤተ ዘመድ ጉባኤ ማለትህ ልክ ነው። ግን ቤተ ዘመድ መቼ ነው የሚሰበሰበው? ወይ ሲዳር ነው፣ ወይ ሲጣላ ነው፣ ወይ ውርስ ሲካፈል። ይኼ ውርስ ነው። ታሪኩም ከዚያው ይነሳል። ማርተን የሚባል ሰው ፓሪስ ውስጥ ይኖራል፤ እናቱ ሎስ አንጀለስ ሞተች ተባለ። አስከሬኗን ሊያነሳ፣ ቤቷን ሊሸጥ፣ ወረቀቷን ሊጨርስ ይሄዳል። ስለ እናቱ የሚያስታውሰው ጥቂት ነው፤ የሚያስታውሰው ሁሉ ደግሞ «ዶኩማንተር» ውስጥ የተቀረጸው ነው። እዚያ ፊልም ላይ ማርተን የሚባለው ልጅ ማነው? ራሱ ማቲዩ። ስምንት ዓመት ገደማ ነበር።

ሐያሲው፦ እሱማ ገብቶኛል። ጥሩ ዘዴ ነው፤ ርካሽም ዘዴ ነው። ሌላው ዳይሬክተር ለትዝታ ትዕይንት የሚመስል ሕፃን ሲፈልግ፣ ሲያሠለጥን፣ ፀጉሩን ሲያሳጥር ይከርማል። እሱ መሳቢያ ከፍቶ የራሱን ልጅነት አወጣ።

ኤዲተሯ፦ መሳቢያውን ማን ሞላው? እስቲ ከዚያ እንጀምር፤ አንባቢህም የሚያውቀው አይመስለኝም። ማቲዩ የተወለደው በ1972 ፓሪስ ነው። አባቱ ዣክ ደሚ «የሸርቡር ጃንጥላዎች»ን የሠራው፣ በ1964 በካን ትልቁን ሽልማት የወሰደው ሰው ነው። እናቱ አኜስ ቫርዳ ከ1951 ጀምራ ዳጌር በሚባለው መንገድ፣ አሥራ አራተኛው ወረዳ ትኖር ነበር። የመጀመሪያ ፊልሟን ልትሠራ በ1954 ትንሽ የፊልም ድርጅት አቋቋመች፤ በኋላ ሲኔ ታማሪስ የሚባለው ነው። ያ ቤት መኖሪያም፣ ቢሮም፣ የሥራ ቦታም ነው። ልጁ ሳሎኑን አልፎ ወጥ ቤት ሲሄድ የፊልም ጣሳ ያደናቅፈዋል።

ሐያሲው፦ ያደናቅፈው አያደናቅፈው ማን አየ?

ኤዲተሯ፦ በእንዲህ ያለ ቤት ኖሬ ስለማውቅ ነው የምለው፤ ተወው። የሚታወቀውን ልንገርህ። ልጁ ገና ሲድህ ወይም ቆሞ ሲሄድ፣ እናቱ ከቤት ርቃ መሥራት አልቻለችም። ስለዚህ የመንገዷን ባለሱቆች ልትቀርጽ ወሰነች፦ ዳቦ ጋጋሪውን፣ ሥጋ ሻጩን፣ ሽቶ የሚሸጡትን አዛውንት ባልና ሚስት። ኤሌክትሪኩን ከራሷ ቆጣሪ ሳበች። ገመዱ 90 ሜትር ገደማ ነበር፤ ከዚያ አልፋ አልሄደችም። «ዳጌሬዮቲፕ» የሚባለው ፊልም እንዲህ ተሠራ። እሷ ራሷ ገመዱን ከእትብት ጋር ታመሳስለው ነበር። ልብ በል፤ ልጁ ፊልም ላይ ከመታየቱ በፊት የፊልሙን ስፋት ወስኗል።

ሐያሲው፦ ቆንጆ ነው። ግን እናት ልጇን ትታ መሥራት አለመቻሏ የሁሉም እናት ታሪክ ነው።

ኤዲተሯ፦ የሁሉም ነው። ቆጣሪዋን ከፊልሟ ጋር ያገናኘችው ግን እሷ ናት። እዚያ ቤተሰብ ውስጥ ደግሞ ልጅን ፊልም ላይ ማቆም የተለመደ ነገር ነበር። «የሸርቡር ጃንጥላዎች» መጨረሻ ላይ፣ በረዶው ሲወርድ፣ ነዳጅ ማደያው ጋ መኪና ውስጥ የተቀመጠችውን ሕፃን ታስታውሳለህ? ሮዛሊ ናት፤ የቫርዳ የመጀመሪያ ልጅ፣ ዣክ ደሚ እንደ ልጁ ያሳደጋት። ማደያው ውስጥ ያለው ትንሹ ልጅ ደግሞ የሙዚቃው ደራሲ የሚሼል ለግራን ልጅ ነው። ሰዉ ሁሉ ደኑቭን እያየ ሲያለቅስ እኔ እነዚያን ሁለት ሕፃናት አያለሁ።

ሐያሲው፦ ማቲዩስ? መቼ ገባ?

ኤዲተሯ፦ በ1977 «አንዷ ትዘፍናለች፣ ሌላዋ አትዘፍንም» በሚለው የእናቱ ፊልም ውስጥ ትንሽ ሚና አለው፤ እሱን እንለፈው። ዋናው «ዶኩማንተር» ነው። ቫርዳ ሎስ አንጀለስ ሄዳ የግድግዳ ሥዕሎችን የሚያሳይ ዘጋቢ ፊልም ሠራች፤ «ሙር ሙር» ይባላል፤ ሞቅ ያለ፣ በቀለም የተጥለቀለቀ ነው። በዚያው ወቅት ከዣክ ደሚ ጋር ተለያይተው ነበር። ከዘጋቢው ፊልም ጎን ይኼን አጭሩን፣ የሰዓት ከአምስት ደቂቃውን ሠራች፤ እሱ ደግሞ ከሰል ነው። ኤሚሊ የምትባል ፈረንሳዊት ከምትወደው ሰው ተለይታ ከልጇ ጋር ብቻዋን አለች። ባሕር ፊት ለፊት ጠረጴዛ አስጠግታ ለሌላ ሰው ጽሑፍ ትተይባለች። ቤት ትፈልጋለች። ሰዎች መንገድ ዳር የጣሉትን የቤት ዕቃ ከልጇ ጋር እየለቀመች ታስገባለች።

ሐያሲው፦ ያ ትዕይንት ይገርማል። ልጁ ወንበር ሲያነሳ ጨዋታ አድርጎ ነው የሚያነሳው፤ እሷ ግን ዙሪያዋን ታያለች።

ኤዲተሯ፦ እሷን ማን ነው የሠራት? ሳቢን ማሙ ትባላለች። ተዋናይ አይደለችም። ኤዲተር ናት፤ የቫርዳ ኤዲተር። ለዚህ ነው ይኼን ፊልም አጥብቄ የምወደው፤ የሙያ ወገንተኛነቴን አልደብቅም። አሁን ሁኔታውን አስበው። ቫርዳ ካሜራው ኋላ ናት። ፊት ለፊቷ ኤዲተሯ እሷን ሆና ቆማለች፤ የራሷን ኀዘን ሌላ ሴት ትሸከምላታለች። ልጁ ግን ተተኪ የለውም፤ የገዛ ልጇ ነው። ያቺ ሴት ልጁን ስታቅፈው እናትየው ከካሜራ ኋላ ሆና «ቁረጥ» እስክትል ትጠብቃለች። ስምንት ዓመት የሆነው ልጅ ይኼን እንዴት አድርጎ በጭንቅላቱ ያስቀምጠዋል?

ሐያሲው፦ ምናልባት ምንም አላሰበም። ልጅ ነው፤ እናቴ እዚህ ቁም አለችኝ፣ ቆምኩ።

ኤዲተሯ፦ ይሆናል። ሠላሳ ዓመት ቆይቶ ግን አሰበ። ያሰበበትንም አይተሃል፤ ያንን ጥቅል አውጥቶ በራሱ ፊልም መሐል ሰፋው። እኔ በሥራዬ የተማርኩት አንድ ነገር ቢኖር የተቀረጸ ምስል የቀራጩ እንዳልሆነ ነው። የት ተጀምሮ የት እንደሚያልቅ የሚወስነው ሰው ነው ባለቤቱ። «ዶኩማንተር» ላይ የዚያን ልጅ ፊት መቼ እንደምትለቀው የወሰነችው እናቱ ናት። «አሜሪካኖ» ላይ ያው ፊት፣ ያው ፀጉር፣ ያው ወንበር አለ፤ መቀሱ ግን በልጁ እጅ ነው። ውርስ ያልኩህ ይኼን ነው። ስም አይደለም፤ ስሙንማ በ1972 ነው የወሰደው።

ሐያሲው፦ እትዬ፣ ይኼን በጣም አሳመሩት። እኔ ሳየው ይኼ ልጅ እናቱን ገድሏታል። በ2011 እኮ ቫርዳ በሕይወት ነበረች፤ ሰማንያ ሦስት ዓመቷ ነው፤ ፊልም ትሠራለች፣ ፎቶ ታነሳለች፣ ትስቃለች። እሱ የመጀመሪያ ፊልሙን ሲሠራ እናትየዋን አስከሬን አድርጎ ጀመረ።

ኤዲተሯ፦ እሱ ላይ ጥሩ ነጥብ አንስተሃል፤ ልጨምርልህ። ማርተን አባት አለው፤ ዣን ፒየር ሞኪ ነው የሠራው፤ እሱም ዳይሬክተር ነበር። በሕይወት ግን የማቲዩ አባት የሞተው በ1990 ነው፤ ልጁ ገና አሥራ ስምንት ዓመቱ ነበር። ስለዚህ ገልብጦታል፦ የሞተውን አባት አስነሳ፣ በሕይወት ያለችውን እናት ቀበረ። ለምን ብለህ ብትጠይቀኝ አላውቅም፤ እንደ ኤዲተር ግን ምክንያቱ ይታየኛል። የአባቱን ልጅነት እናቱ አስቀድማ ሠርታዋለች። ያ በር ተዘግቷል።

ሐያሲው፦ «ዣኮ ከናንት»ን ማለትዎ ነው።

ኤዲተሯ፦ እሱን ነው። አባቱ ታሞ እያለ ስለ ልጅነቱ ይጽፍ ነበር፤ ቫርዳ ልሥራው አለች። ናንት፣ አባትየው ባደገበት በራሱ የመኪና ጋራዥ ውስጥ ነው የተቀረጸው። ጦርነት አለ፣ የአሻንጉሊት ቲያትር አለ። ልጁ ዣኮ ጣራ ሥር ባለች ክፍል ተቀምጦ ያረጀ ፊልም ሙቅ ውሃ ውስጥ ይነክርና ምስሉን ያጥበዋል፤ ከዚያ በባዶው ላይ በየፍሬሙ በብዕር ይሥላል። እዚያ ላይ ሁልጊዜ ቀጥ እላለሁ። የሌላውን ሰው ምስል አጥቦ የራሱን መሣል! በየመሐሉ ደግሞ ቫርዳ ትልቁን ዣክን ትቀርጸዋለች፤ ከልክ በላይ ተጠግታ፦ ቆዳውን፣ ሽበቱን፣ በእጁ ላይ ያሉትን ነጠብጣቦች። ቀረጻው ባለቀ በቀናት ውስጥ፣ በጥቅምት 1990፣ ሞተ። ፊልሙ በዓመቱ ወጣ። ልጅ ሆነህ አስበው፤ አባትህን በሁለት ዓይነት አጥተኸዋል፤ ሁለቱንም ጊዜ እናትህ ካሜራ ይዛ ነበር።

ሐያሲው፦ ምን ታሞ እንደሞተ ግን ያኔ አልተነገረም።

ኤዲተሯ፦ አልተነገረም። ሌላ በሽታ ነው ተባለ። ኤድስ መሆኑን ቫርዳ ራሷ በአደባባይ የተናገረችው በ2008፣ «የአኜስ የባሕር ዳርቻዎች» ላይ ነው፤ አስቀድሞ እሱ ራሱ እንዲወራ አልፈለገም ነበር። አሁን አንተ «የሁለት ዳይሬክተሮች ልጅ» የምትለው ሰው በመሐሉ ምን እንደሠራ ልንገርህ። በ1998 ኦሊቪየ ዱካስቴልና ዣክ ማርቲኖ «ዣን እና ግሩሙ ልጅ» የሚል ዘፈን ያለበት ፊልም ሠሩ። አሠራሩ ግልጽ በሆነ መንገድ ለዣክ ደሚ የተሰጠ ክብር ነው፤ ሰዎች ስለ ሥራቸውም ስለ ፍቅራቸውም እየዘፈኑ ያወራሉ። ታሪኩ ኤድስ የያዘውን ወጣት ስለምትወድ ልጅ ነው። ወጣቱን ማን ሠራው? ማቲዩ ደሚ። አባቱ በምን እንደሞተ ሕዝቡ ገና አልሰማም። እሱ ግን በአባቱ ዓይነት ፊልም ውስጥ፣ በዚያው በሽታ የሚሞት ሰው ሆኖ ቆሟል። ለአሥር ዓመት ያህል ያንን ፊልም ያየ ሰው ሁሉ ግማሹን ብቻ ነበር ያየው።

ሐያሲው፦ ይኼን አላሰብኩትም ነበር። ከባድ ነው።

ኤዲተሯ፦ እንግዲህ ያ ልጅ ነው።

ሐያሲው፦ ይሁን። ግን ወደ ኋላ ልመልስዎት፤ ያልተመቸኝን ሳልናገር አልወጣም። «ኩንግ ፉ ማስተር»ን ለብቻዬ አይቼዋለሁ። 1988። አርባ ዓመት የሆናት ሴት የልጇን የክፍል ጓደኛ፣ የአሥራ አራት ዓመት ልጅ፣ ትወዳለች። ሴትዮዋ ጄን በርኪን ናት፤ ልጁ ማቲዩ ነው፤ ካሜራው ጋ ያለችው እናቱ ናት። ይኼንን እንዴት ነው የሚያዩት?

ኤዲተሯ፦ አልከላከልለትም። ሐሳቡ የራሷ የበርኪን ነበር። ቫርዳ ልጇን አመጣች፣ በርኪን ሁለት ልጆቿን ሻርሎትንና ሉን አመጣች፣ የበርኪን እናትና አባትም ሳይቀሩ ገቡበት፣ ቤታቸውን ከፈቱ። ሁሉም ቤተሰብ ስለሆነ ማንም «ቆይ እንጂ» ያለ አይመስልም። በፈረንሳይ ሕግ ከአሥራ ስድስት ዓመት በታች ያለ ልጅ ፊልም ላይ እንዲሠራ የመንግሥት ፈቃድ ያስፈልጋል፤ የሥራ ሰዓቱም የተገደበ ነው፤ ከሚከፈለው ገንዘብ የተወሰነው ዕድሜው እስኪደርስ በመንግሥት ተቀማጭ ሣጥን ይያዝለታል። ሕጉ ለገንዘቡ እንዲህ አስቧል። ገንዘቡን በአሥራ ስምንት ዓመቱ ሄዶ ያወጣዋል። ምስሉን ግን ከየትኛው ባንክ ያወጣል?

ሐያሲው፦ እኔም ያልኩት ይኼንኑ ነው! ያ ልጅ እንቢ ማለት ይችል ነበር? ዳይሬክተሯ እራቱን የምታቀርብለት ሴት ናት።

ኤዲተሯ፦ አይችልም ነበር ብዬ አልምልም፤ ይችል ነበር ብዬም አልምልም። የማየው ከፊቱ ነው። የቪዲዮ ጨዋታ ማሽን ላይ ተደፍቶ ሲጫወት እውነተኛ ነው፤ ካሜራውን ከነመኖሩ ረስቶታል። ከበርኪን ጋር ሲሆን ትከሻው ይደርቃል። ቫርዳ ይኼን ድርቀት አልቆረጠችውም። ሆነ ብላ ይሁን ሳታየው አላውቅም፤ እኔ ብሆን ኖሮ እዚያ ጋ ፊልሙን አቁሜ እጠይቅ ነበር።

ሐያሲው፦ በዚያ ፊልም ውስጥ የነበረችው ሌላዋ ልጅም ዳይሬክተር ሆነች እኮ።

ኤዲተሯ፦ ሻርሎት ጌንስቡር! እሷን ማንሳትህ ደግ ነው። እሷ ያኔም ታዋቂ ነበረች፤ በአሥራ አራት ዓመቷ «ሌፍሮንቴ» ላይ ሠርታ የሴዛር ሽልማት ወስዳለች። ቆይታ፣ በ2021፣ «ጄን በሻርሎት» የሚለውን ዘጋቢ ፊልም ሠራች፤ በእናቷ ላይ። ጃፓን ላይ ይጀምርና ብሪታኒ ይደርሳል። አባቷ ሰርዥ ጌንስቡር ከሞተበት ከ1991 ጀምሮ ሳይነካ የቆየው፣ ቬርኔይ መንገድ ላይ ያለው ቤት ውስጥ እናትና ልጅ አብረው ሲገቡ ታያቸዋለህ። የፈለገችው ምን እንደሆነ ግልጽ ነው፤ እናቷን ቁጭ አድርጋ መጠየቅ ነው፤ «ለምን ከእህቶቼ ይልቅ ከእኔ ጋር ታፍሪ ነበር» ዓይነት ነገር። በርኪን በ2023 ሞተች። እንግዲህ ሁለት ልጆች ከአንድ ፊልም ወጡ፤ ሁለቱም ሲያድጉ ካሜራውን ወደ እናታቸው አዞሩት። አንዷ እናቷን በሕይወት ሳለች ጠየቀች፤ አንዱ በሕይወት ያለችውን ሞታለች ብሎ ጀመረ።

ሐያሲው፦ ከሁለቱ የሻርሎት ይሻለኛል። ትጠይቃለች፤ አትሸሽም።

ኤዲተሯ፦ ለእኔ ደግሞ የማቲዩ ይደፍራል። ጥያቄ ስትጠይቅ መልሱን የምትሰጠው እናትህ ናት፤ እንደገና እሷ ናት የምትመራህ። እሱ ግን መልስ የማትሰጥ እናት ፈጠረ። የተረፈችው ፊልሙ ላይ ብቻ ናት። ፊልሙ ላይ ያለችው ደግሞ እናቱ እንኳ አይደለችም፤ ሳቢን ማሙ ናት። ገባህ? ስለ እናቱ ያለው ማስረጃ ሁሉ ሌላ ሴት ናት። ይኼን ነገር ልቦለድ ነው ብለህ ብትጽፍ አያምኑህም።

ሐያሲው፦ እሺ፣ ለእናቱ ይኼን ያህል። የአባቱ ስም ደግሞ? ሎላ። ሳልማ ሃዬክን ቲኋና ባለ የሌሊት ክለብ ውስጥ ዳንሰኛ አድርጎ፣ ክለቡን «አሜሪካኖ» ብሎ፣ ስሟን ሎላ አላት። ዣክ ደሚ በ1961 «ሎላ»ን ሲሠራ ናንት ውስጥ፣ ካባሬ የምትጨፍር ሴት ናት፤ አኑክ ኤሜ ነበረች። በ1969 ያቺኑ ሎላን፣ ያችኑ አኑክ ኤሜን «ሞዴል ሾፕ» ላይ ሎስ አንጀለስ አመጣት። አሁን ልጁ ድንበር አሻገራት። ይኼ ለሚያውቅ ሰው ፈገግታ ነው፤ ለማያውቅ ሰው ግን ምንድን ነው?

ኤዲተሯ፦ ለማያውቅ ሰው ሎላ የምትባል ሴት ናት። ምን ነካው?

ሐያሲው፦ ነካው እንጂ! ለዚህ ነው የተኛሁት። እስከ ሎስ አንጀለስ ድረስ የራሱ ሕመም አለው፤ የእናቱን ልብስ እያነሳ፣ ጎረቤቶቿን እያናገረ፣ የሚያስታውሰውና የሚረሳው እየተጣሉበት። ድንበሩን ሲሻገር ግን የአባቱ ጥላ ውስጥ ገባ፤ የሌሊት ክለብ፣ ቀይ መብራት፣ ምሥጢራዊት ሴት። ከእናቱ የወሰደው ሥጋ ነበረው፤ ከአባቱ የወሰደው ስም ብቻ ነው።

ኤዲተሯ፦ ይኼን ጻፈው። ከእኔ ወስደህ አይደለም፤ የራስህ ነው፤ ከሰማሁት ሁሉ የተሻለው ነው። እኔም የማስበው ይኼንኑ ነበር፤ እንዲህ አጥርቼ አላልኩትም እንጂ። ከእናቱ የወሰደው ጥቅሉን ነው፤ ጥቅሉ ላይ የሱ ፊት አለ፤ መቁረጥ ይችላል። ከአባቱ የሎላ ፊልሞች ላይ ግን የሱ ፊት የለም። ምኑን ይቁረጥ? ስለዚህ ስም ተዋሰ።

ሐያሲው፦ እናስ ይኼ ውርስ ለሁሉም የፊልም ቤተሰብ ልጅ ይሠራል? የኃይሌ ገሪማን ልጅ መራዊን አስበው ያውቃሉ?

ኤዲተሯ፦ «ሬዚድዩ»ን አይቼዋለሁ፤ 2020። አባቱ ኃይሌ፣ እናቱ ሺሪኪያና አይና፤ ሁለቱም ፊልም ሠሪ ናቸው፤ ዋሽንግተን ጆርጂያ ጎዳና ላይ ሳንኮፋ የመጻሕፍትና የቪዲዮ መደብር አላቸው። እንዲህ ባለ ቤት ማደግ ምን እንደሆነ መራዊም ያውቃል። ግን የሱ ፊልም ወደ ቤቱ አይዞርም፤ ወደ ሰፈሩ ይዞራል። ዋናው ሰውዬ ዳይሬክተር ሆኖ ያደገበት ሰፈር ሲመለስ ሰፈሩ በሀብታም ተይዞ፣ ጓደኞቹ ተበትነው ያገኛል። እኔ ሁለቱን አላወዳድርም። መራዊ የጠፋበት ሰፈሩ ነው፤ ማቲዩ የጠፋበት ምንም ነገር የለም፤ ችግሩ ሁሉም መቀመጡ ነው። እዚያ ቤት ምንም አይጣልም።

ሐያሲው፦ ሁሉም መቀመጡ ችግር ነው?

ኤዲተሯ፦ ለእኔ አይነት ሰው በረከት ነው፤ ለልጅ አላውቅም። አንድ ነገር ልንገርህ፤ ኤዲተር ያልሆነ ሰው ችላ ሊለው ይችላል። የ«ሸርቡር ጃንጥላዎች» ቀለም በኢስትማን ፊልም የተቀረጸ ነው፤ ያ ፊልም ከዓመት ወደ ዓመት ይለቃል፤ ሰማያዊው ይሄዳል፣ ሁሉም ነገር ወደ ሮዝ ይሸሻል። ዣክ ደሚ ይኼን ስለሚያውቅ ቀለሞቹን ለያይቶ ሦስት ጥቁርና ነጭ ቅጂ አስቀምጦ ነበር። ጥቁርና ነጭ አይለቅም። እሱ ከሞተ በኋላ ቫርዳ ከእነዚያ ቅጂዎች ቀለሙን መለሰችው። አሁን በቴሌቪዥን የምናየው የግድግዳ ወረቀት፣ ያ ሐምራዊ፣ ያ ብርቱካን፣ ቤተሰብ ስለጠበቀው ነው ያለው። ቫርዳ በመጋቢት 2019 ስታርፍ ሲኔ ታማሪስ ወደ ሮዛሊና ወደ ማቲዩ አለፈ። እንግዲህ ልጁ የሁለቱም ጥቅል ጠባቂ ሆነ። በ«አሜሪካኖ» የማርተን ጣጣ የእናቱ ቤት ወረቀት ነበር፤ በሕይወት የገጠመው ጣጣ የሁለት ሰው ፊልም በሙሉ ነው፤ ከነሙቀት መቆጣጠሪያው፣ ከነመብት ክፍያው፣ ከነፌስቲቫል ደብዳቤው።

ሐያሲው፦ እሱ ትወናውንም አልተወም አይደል? «ለ ቢሮ ዴ ሌዣንድ» የሚለው የስለላ ተከታታይ ላይ አይቼዋለሁ።

ኤዲተሯ፦ አለበት። ጥሩም ነው። እዚያ ላይ ማንም ስለ እናቱ አያስታውስም። ለእሱ ዕረፍት ሳይሆን አይቀርም።

ሐያሲው፦ እንግዲህ የምጽፈው ይኼ ነው። ፊልሙ ግማሹ ያማረ፣ ግማሹ የተዋሰ ነው። ሰዉ ግን ከፊልሙ ይበልጣል። አንድ ነገር ደግሞ እጨምራለሁ፤ እትዬ ላይወዱት ይችላሉ። ይኼ ሰው አጭር ፊልም ሠርቷል፣ በሌሎች ፊልም ላይ ተውኗል፣ የመጀመሪያ ረጅም ፊልሙን በሠላሳ ዘጠኝ ዓመቱ አወጣ። ቀስ ብሎ፣ ሳይቸኩል። ይኼን መታገሥ የሚችለው ማነው? ስሙ የማይታወቅ ልጅ ሠላሳ ሳይሞላው ፕሮዲውሰር በሩን ይዘጋበታል፤ ወደ ሠርግ ቪዲዮ ይገባል። ሳልማ ሃዬክም ለማይታወቅ ሰው የመጀመሪያ ፊልም ቲኋና አትሄድም።

ኤዲተሯ፦ እሱ ላይ አልሟገትህም። ጻፈው። ግን ከጻፍክ አይቀር አብረህ ጻፍ፤ ያው ስም ያለው ልጅ በሕፃንነቱ፣ በስምንት ዓመቱ፣ በአሥራ አራት ዓመቱ ምን እንደከፈለም። የቱ እንደሚከብድ አንባቢው ይመዝን።

ሐያሲው፦ እርስዎስ የቱ ይከብዳል ይላሉ?

ኤዲተሯ፦ እኔ? «ኩንግ ፉ ማስተር»ን ባየሁ ቀን አንዱን እላለሁ፤ «ዶኩማንተር»ን ባየሁ ቀን ሌላውን። ዛሬ «ዶኩማንተር»ን ነው ያየነው።